ኡሳማ አንወር ዑካሻና የተማሪዬ ደብተር



በዚህ ዓምድ ስለ አንድ የቴሌቪዥን ድራማ ደራሲ ልጽፍ መነሳቴን ሲያዩ «ኡስታዝን ምን ነካው?» የሚሉ እንደሚኖሩ አውቃለሁ። በመድረሳ ያደገ፣ ዕድሜውን ልጆችን አሊፍ ባእ ሲያስቆጥር የኖረ ሰው በድራማ ጉዳይ ምን አገባው ይባል ይሆናል። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ከጥቂት ዓመታት በፊት እኔም ራሴ የምጠይቀው ነበር። መልሱን ከመስጠቴ በፊት ግን እርስዎን አንድ ነገር ልጠይቅዎ። ትናንት ማታ ቤትዎ ውስጥ ቴሌቪዥኑ በስንት ሰዓት ተከፈተ? በስንት ሰዓትስ ተዘጋ? በመካከሉ ለልጆችዎ ሲያወራ ያመሸው ማን ነበር? ስሙንስ ያውቁታል?

አብዛኞቻችን የምናውቀው ፊቱን የምናየውን ተዋናይ ነው። ተዋናዩ የሚናገረው ግን የሌላ ሰው ቃል ነው። ባል ለሚስቱ ምን እንደሚላት፣ ልጅ ለአባቱ እንዴት እንደሚመልስ፣ የትኛው ሰው እንደሚከበርና የትኛው እንደሚሳቅበት አስቀድሞ ወረቀት ላይ የወሰነ አንድ ሰው አለ። ይህ ሰው ማታ ማታ ቤታችን የሚገባ እንግዳ ነው። እንግዳን ደግሞ «ማን ነህ? ከየት መጣህ?» ብሎ መጠየቅ ነውር አይደለም። ስለዚህ ዛሬ ከእነዚህ እንግዶች አንዱን፣ ግብፃዊውን ደራሲ ኡሳማ አንወር ዑካሻን፣ አብረን እንመልከተው። እሱን የመረጥኩበት ሁለት ምክንያት አለኝ።

በጎረቤት ቤት

የመጀመሪያው ምክንያት ከተማችን ድሬዳዋ ናት። የጅቡቲው ባቡር እ.ኤ.አ. በ1902 እዚህ ከደረሰ ጀምሮ (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ከሸቀጡ ጋር ሰውም ቋንቋም አብሮ ወርዷል። በየመን ነጋዴዎች ምክንያት ዐረብኛ ለእኛ የመስጊድ ቋንቋ ብቻ አልነበረም፤ የሱቅም ቋንቋ ነበር። የሳተላይት ዲሽ በመጣ ጊዜ ብዙ ቤቶች መጀመሪያ ያዞሩት ወደ ዐረብ ጣቢያዎች መሆኑም ለዚህ ነው።

እኔ ደረሳ በነበርኩበት ዘመን መጋላ ውስጥ ዲሽ የሚታየው በጥቂት ቤቶች ጣራ ላይ ነበር። በረመዳን ከተራዊህ በኋላ ከነዚያ ቤቶች በአንዱ የሰፈር ልጆች ተሰብስበን፣ ጫማችንን በር ላይ ትተን፣ ምንጣፍ ላይ ተጨናንቀን እንቀመጥ ነበር። ለራሴ የምሰጠው ምክንያት «ዐረብኛዬን ላሻሽል ነው» የሚል ነበር። እውነቱን ለመናገር አጅሩሚያን በቃሌ የያዝኩ ሰው ሆኜ ሳለ የካይሮ ሰዎች ሲነጋገሩ ከአሥር ቃል አራቱን እንኳ አልይዝም ነበር። «እንዴት ነህ» ለማለት «ኢዘይየክ» ሲሉ ይህ ከየትኛው የነሕው ምዕራፍ እንደወጣ ግራ ይገባኛል። እያደር ግን ጆሮዬ ለመደ፤ ከዚያ በኋላ የማዳምጠው ቋንቋውን መሆኑ ቀርቶ ሰዎቹን ሆነ። ከእነዚያ ድራማዎች አንዱ «ለያሊ አል-ሒልሚያ»፣ ማለትም «የሒልሚያ ሌሊቶች» ነበር። የደራሲውን ስም ያወቅሁት ከብዙ ጊዜ በኋላ ነው።

ደብተሩ

ሁለተኛው ምክንያት ዕዳ ነው። ከዓመታት በፊት ከማስተምራቸው ልጆች አንዷ፣ ዕድሜዋ አሥራ አምስት ቢሆን ነው፣ ከትምህርት በኋላ አንድ ደብተር ይዛ መጣች። «ኡስታዝ፣ ጊዜ ሲያገኙ ይቺን ይዩልኝ» አለችኝ። ከፈትኩት። በንግግር የተጻፈ ድራማ ነበር። ሁለት ወንድማማቾች ከአባታቸው የወረሱት አንድ ሱቅ አላቸው። ታናሹ ይሞታል፤ ታላቁ ሱቁን ጠቅልሎ ይይዛል፤ የሟቹ ሚስት ከልጆቿ ጋር ትቀራለች። አያትየዋ በኦሮምኛ፣ ደንበኞቹ በሶማልኛና በአማርኛ ይናገራሉ። ሁለት ገጽ ያህል አነበብኩና ዘጋሁት። «ልጄ፣ ይህ የቀልደኞች ሥራ ነው፤ ይህን ጊዜ ለቁርኣንሽ ብታውይው ይሻልሻል» አልኳት። ዓይኗን መሬት ተክላ ደብተሯን ወሰደች። ከዚያ ወዲህ የጻፈችውን ነገር ይዛልኝ መጥታ አታውቅም።

የጻፈችው የራሷን ቤት ታሪክ መሆኑን የሰማሁት ቆይቼ ነው። አባቷ ሞቶ ነበር፤ በሱቁም ጉዳይ ክርክር ነበረ። ልጅቷ ወደ እኔ የመጣችው ድራማ ልታሳየኝ ብቻ አልነበረም። በቤተሰቧ ላይ የደረሰውን አፍ አውጥታ ለመናገር አፍራ በወረቀት ነገረችኝ። እኔ ግን ሦስተኛውን ገጽ አልገለጥኩም። ቁርኣን ቅሪ ማለቴ ስህተት አልነበረም፤ የሰው ልጅ ይዞት የመጣውን ጥያቄ መዝጊያ አድርጌ መጠቀሜ ነው ስህተቱ።

ነገሩ ይበልጥ ያሳፈረኝ ደግሞ ያ የናቅሁት ታሪክ፣ ማለትም ወንድም የሟች ወንድሙን የቲሞች ውርስ የሚቀማበት፣ የዐረብ ቴሌቪዥን ከሚኮራባቸው ድራማዎች የአንዱ ታሪክ መሆኑን ባወቅሁ ጊዜ ነው። እሱም የዑካሻ «አሽ-ሸህድ ወድ-ዱሙዕ» ነው፤ «ማርና እንባ» ማለት ነው።

ሰውየው

ኡሳማ አንወር ዑካሻ በ1941 በግብፅ የዓባይ ደልታ በምትገኘው ጠንጣ ከተማ ተወለደ። በ1962 ከዐይን ሸምስ ዩኒቨርሲቲ በማኅበራዊና በሥነ ልቡና ትምህርት ተመረቀ። ከዚያ በኋላ የሠራው ሥራ ለዚህ ጽሑፍ ትልቅ ቦታ አለው። መጀመሪያ ጥፋት የፈጸሙ ልጆች በሚጠበቁበት ተቋም የማኅበራዊ ጉዳይ ሠራተኛ ነበር። ቀጥሎ በላይኛው ግብፅ በአስዩጥ መምህር ሆነ። ቀጥሎ በከፍር አሽ-ሸይኽ ክፍለ ሀገር አስተዳደር በሕዝብ ግንኙነት ተቀጠረ። ከ1966 እስከ 1982 ድረስ ደግሞ በአል-አዝሀር ዩኒቨርሲቲ በወጣቶች ክብካቤ ክፍል አገልግሏል። አዎን፣ በአል-አዝሀር! ወደ ሃያ ዓመት ገደማ የሰውን ችግር መስማት የእንጀራ ሥራው ነበር። የተባረረ ልጅ፣ የተጣሉ ወላጆች፣ ከገጠር መጥቶ ከተማ ያደናገረው ተማሪ፣ እንዲህ ያሉ ሰዎች የሚያልፉበት ወንበር ላይ ተቀምጦ ኖረ። በ1982 ሥራውን ለቆ ሙሉ በሙሉ ወደ ጽሑፍ ገባ።

መጻፍ የጀመረው ግን ቀደም ብሎ ነው። የመጀመሪያው የአጫጭር ልቦለዶች መድበሉ በ1967 ታትሟል። ረጃጅም ልቦለዶችም አሉት፤ ለመድረክ ቴአትር ጽፏል፤ ለሲኒማም ጽፎ «ከቲበት አል-ኢዕዳም» የተባለውን ፊልም ዳይሬክተሩ ዓጢፍ አጥ-ጠይይብ በ1989 ሠርቶታል። በአል-አህራም ጋዜጣም ዓምደኛ ነበር። ስሙን ያስጠራው ግን የቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ነው። በግብፅ ሕዝቡ «የዚህ ተዋናይ ድራማ» ማለቱን ትቶ «የዑካሻ ድራማ» እስከማለት ደረሰ። እስከ ዕለተ ሞቱ፣ እስከ ግንቦት 2010 ድረስ፣ ይህ ክብር አልተለየውም።

እንግዲህ ልብ ይበሉ፤ ብዙዎች በየዓይነቱ መጻፉን እንደ ተሰጥኦ ብቻ ያዩታል። አንዴ የቤተሰብ ጠብ፣ አንዴ የአገር ታሪክ፣ አንዴ የትምህርት ቤት ነገር፣ አንዴ የአንድ ሕንፃ ጉዳይ ሲጽፍ «ሁሉን የሚችል ሰው» ይሉታል። እኔ ግን ሥራዎቹን ደጋግሜ ካየሁ በኋላ የደረስኩበት ሌላ ነው። ዑካሻ በየድራማው የሚያነሳው ጥያቄ አንድ ነው፤ የሚለዋወጠው ቤቱ ነው። ጥያቄው «ያ የእኔ አይደለም ብዬ እጄን የምሰበስበው መቼ ነው?» የሚል ነው።

የቤት ውስጥ ፍርድ

«ማርና እንባ» በ1983 የመጀመሪያው ክፍል፣ በ1985 ሁለተኛው ክፍል ቀረበ። ዳይሬክተሩ ኢስማዒል ዐብዱል ሓፊዝ ነበር። ሓፊዝ የተባለው ታላቅ ወንድም የታናሽ ወንድሙን የሸውቂን ድርሻ ይቀማል፤ የሸውቂ ሚስት ዘይነብ የቲሞቿን በችግር ታሳድጋለች፤ ጉዳዩ ከወላጆች ወደ ልጆች ይሻገራል። የቲምን ገንዘብ ስለሚበሉ ሰዎች ሱረቱ-ን-ኒሳእ የሚሰጠውን ማስጠንቀቂያ ሁላችንም ሰምተናል። እኔም ብዙ ጊዜ አስተምሬዋለሁ። ሆኖም ትምህርቱን ሲሰማ አንገቱን እየነቀነቀ፣ ከመስጊድ ሲወጣ የወንድሙን ልጆች ሱቅ የሚከፍት ሰው በየከተማው አለ። ዑካሻ የሚያሳየን ይህ ሰው ቀንድ ያለው ጭራቅ አለመሆኑን ነው። ሓፊዝ ይበላል፣ ይስቃል፣ የራሱን ልጆች ይወዳል፣ ለሚያደርገው ሁሉ ምክንያት አለው። የሚያስፈራውም ይኸው ነው። ተመልካቹ «ይህስ እኔን ይመስላል» ለማለት የሚደርሰው ክፉው ሰው ሰው ሆኖ ሲቀርብለት ነው።

በ1986 የቀረበው «የአስ-ሰይድ አቡል ዑላ አል-ቢሽሪ ጉዞ» ደግሞ እኛን አስተማሪዎችን የሚነካ ነው። ሕይወቱን በሐቀኝነት ያሳለፈ አንድ ሽማግሌ ወደ ካይሮ ዘመዶቹ ዘንድ ይመጣና ሁሉንም ላርም ብሎ ይነሳል። ልቡ ንጹሕ ነው፤ ነገር ግን ምክሩ ከየአቅጣጫው መከራ ይመልስበታል። መሕሙድ ሙርሲ በዚህ ገጸ ባሕርይ ሲያለቅስ ስቀናል፣ ሲያስቅ አዝነናል። ዑካሻ በዚህ ሽማግሌ አላፌዘበትም፤ ጻድቅ አድርጎም አላስመለከውም። መልካም ሐሳብ ብቻውን እንደማይበቃ፣ ሰውን ለማረም አስቀድሞ ሰውየውን መስማት እንደሚያስፈልግ አሳየን። ደብተሯን የዘጋሁባትን ልጅ ሳስታውስ የሚታየኝ ይህ ሽማግሌ ነው።

በ1991 ታዋቂዋ የሲኒማ ተዋናይት ፋቲን ሐማማ በቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ለመጀመሪያ ጊዜ የቀረበችው በዑካሻ ጽሑፍ ነው፤ «የመምህርት ሒክመት ሕሊና» ይባላል። የሴቶች ትምህርት ቤት ርእሰ መምህርት ሆና በሥልጣንና በገንዘብ የሚመጣባትን ጫና ስትቋቋም እናያለን። መምህርትን የድራማ ሁሉ ዋና ሰው ማድረግ ቀላል ድፍረት አይደለም። ዛሬ በየጣቢያው የምናያቸውን ድራማዎች ይቁጠሩ፤ ቪላና መኪና ካላቸው ሰዎች ውጭ ስንት መምህር፣ ስንት አናጢ፣ ስንት ባለሱቅ ያገኛሉ?

«አር-ራየት አል-በይዳ»፣ ማለትም «ነጩ ባንዲራ»፣ በ1980ዎቹ መጨረሻ የቀረበ አጭር ድራማ ነው። በአሌክሳንድርያ አንድ ጡረታ የወጣ ዲፕሎማት መጻሕፍትና ሥዕል የሞላበት ጥንታዊ ቤት አለው። ከዓሣ ንግድ ተነስታ የከበረች ፋድዳ አል-መዕዳዊ የተባለች ሴት ቤቱን ገዝታ አፍርሳ ፎቅ ልትሠራበት ትፈልጋለች። ድራማው የሚያልቀው ሰዎቹ ከቡልዶዘሩ ፊት ቁጭ ብለው ነው፤ ማን እንዳሸነፈ አይነገረንም። ከዚራ ውስጥ በዛፎቹ ጥላ ሥር ሲያልፉ፣ የድሮውን የባቡር ጣቢያ ሲያዩ ይህ ድራማ ለእኛም እንደተጻፈ ይሰማዎታል። አዲሱ የኤሌክትሪክ ባቡር በ2016 ሲመረቅ ጣቢያው ከመሃል ከተማው ውጭ ሆነ፤ አሮጌው ጣቢያ ግን የብዙዎቻችን አባቶችና አያቶች ሕይወት የተገነባበት ቦታ ነው። እንዲህ ያለውን ቦታ ዋጋ የምንተምነው በምን ነው? በካሬ ሜትር ብቻ ነውን?

«ዚዚኒያ» የተባለው ደግሞ በ1997 እና በ2000 በሁለት ክፍል ቀረበ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን የነበረችውን አሌክሳንድርያን፣ ግሪኩም ጣልያኑም ግብፃዊውም በአንድ መንገድ የሚኖሩባትን ከተማ ያሳያል። ዋናው ሰው አባቱ ግብፃዊ፣ እናቱ ጣልያናዊት ናት፤ ማን መሆኑን ለማወቅ ሲታገል ይኖራል። ግሪክ፣ አርመን፣ ሕንድ፣ የመን፣ ፈረንሳይ ኖረውባት ለሄዱባት፣ ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ አማራው፣ አደሬው በአንድ ግቢ በር ለሚገቡባት ለድሬዳዋ ከዚህ የቀረበ ታሪክ ወዴት ይገኛል?

ከሁሉም የገነነው «የሒልሚያ ሌሊቶች» ነው። ከ1987 እስከ 1995 ድረስ በአምስት ክፍል ቀረበ። በካይሮ አንድ ሰፈር ውስጥ ባለጠጋው ሰሊም አል-በድሪና ከገጠር ቂም ይዞ የመጣው ሱለይማን ጋኒም ሲጣሉ፣ ሲታረቁ፣ ሲያረጁ እናያለን፤ በመካከላቸው ከንጉሥ ፋሩቅ ዘመን አንስቶ ግብፅ ያለፈችበት ሁሉ ያልፋል። የታሪክ መጻሕፍት የንጉሥን መውረድና የጦርነትን ቀን ይነግሩናል። ይህ ድራማ ግን ያ ዜና ሲሰማ አንድ የሻይ ቤት ባለቤት ምን አለ፣ አንዲት እናት ምን ፈራች የሚለውን ያሳየናል። ሁለቱ ባላንጣዎች አንዱ ከሌላው ሳይለይ ይኖራሉ፤ በማንኛቸውም ላይ ሙሉ በሙሉ ለመፍረድ ይቸግራል። እኔ ይህን ዐድል እለዋለሁ። ደራሲ ለማይወደው ሰው የሚሰጠው ንግግር ለሚወደው ሰው ከሚሰጠው ንግግር ጋር እኩል የሚመዝን ከሆነ ሚዛኑ ደህና ነው።

ያልተመዘነው ወገን

ነገር ግን፣ ውድ አንባቢ፣ ዐድልን መለኪያ ካደረግን በራሱ በዑካሻም ላይ ልንለካው ይገባል።

አንደኛ፣ በፖለቲካው አድልዎ ነበረው። የዐብዱን-ናስር ዘመን ደጋፊ ስለነበር በ«የሒልሚያ ሌሊቶች» የዚያ ዘመን ሰዎች ጥላቸው ረዥም ነው፤ የሳዳትን ዘመን ሰዎች ግን አብዛኛውን ጊዜ በነጋዴ ስግብግብነት እናገኛቸዋለን። ቆየት ብሎ ራሱም ስለ ናስር ዘመን ያለውን አመለካከት መርምሮ አለዝቧል፤ ድራማው ግን እንደተጻፈ ቀርቷል።

ሁለተኛ፣ እኔን ከሁሉ በላይ የሚያሳስበኝ፣ የሰጋጁ ሰው ጉዳይ ነው። በዑካሻ ሰፈሮች አዛን ይሰማል፤ ረመዳን ይገባል፣ ዒድ ይወጣል። የሰፈሩ ማዕከል ግን ሻይ ቤቱ ነው። ለሱብሒ የሚነሳው ሰው፣ በዱዓው የሚያለቅሰው፣ ሐላልና ሐራሙን ሲያሰላ እንቅልፍ የሚያጣው ነጋዴ ውስጡ ተከፍቶ አይታየንም። የሰሊም ፓሻ ልብ ውስጥ እስከ ጥግ ገብተናል፤ የመስጊዱ ሰው ልብ ደጃፍ ላይ ግን ደራሲው ቆመ። አሥራ ስድስት ዓመት በአል-አዝሀር ለሠራ ሰው ይህ ያስገርማል። በ1990ዎቹ የግብፅ መንግሥት ከታጠቁ ቡድኖች ጋር በሚዋጋበት ጊዜ የሌሎች ደራስያን ድራማዎችም፣ ለምሳሌ በ1994 የቀረበው የወሒድ ሓሚድ «አል-ዓኢላ»፣ ሃይማኖትን ከዚሁ ጠብ አንፃር ማሳየት ጀመሩ። የዚያን ጊዜ ተመልካች በቴሌቪዥን ጢም ሲያይ ወይ ሽማግሌ ወይ አሸባሪ ይጠብቅ ነበር። ሚሊዮኖች የሚኖሩት ተራው የአማኝ ሕይወት ግን ባለቤት አጣ።

ሦስተኛ፣ በኋለኛው ዘመኑ ስለ ሰሓባው ዐምር ኢብኑል ዓስ የተናገረው ቃል ብዙ ሙስሊሞችን አስቆጥቷል፤ ያስቆጣልም። ቃሉን እዚህ አልደግመውም። የምለው ይህን ነው፤ ለፈጠራቸው ሰዎች ሁሉ፣ ለቀማኛው ሓፊዝ እንኳ፣ ምክንያቱን የጠየቀ ደራሲ ለአንድ የአላህ መልእክተኛ (ሰ.ዐ.ወ.) ባልደረባ ያንኑ ትዕግሥት ነፈገ። ሚዛኑ የወደቀው በብዕሩ አቅም ማነስ አይደለም፤ ሊሰማው ያልፈለገውን ወገን ሳይሰማ በመፍረዱ ነው።

ታዲያ በዚህ ምክንያት ሥራውን በሙሉ እንጣለው? ሱረቱል ማኢዳህ የሰዎች ጥላቻ ከፍትሕ እንዳያወጣን ያዝዘናል። በጎውን በጎ፣ ስህተቱን ስህተት ማለት የእኛም ግዴታ ነው። እሱ ባጠፋበት መንገድ እሱን ብንፈርድበት ከእሱ በምን ተሻልን?

አራተኛ፣ ይህ የእሱ ብቻ ሳይሆን የድራማው ንግድ ጥፋት ነው። በዐረቡ ዓለም ተከታታይ ድራማ ከረመዳን ጋር ተጋብቷል፤ ሠላሳ ሌሊት፣ ሠላሳ ክፍል። ጥሩ ድራማ እንኳ ቢሆን ከኢፍጣር እስከ ሱሑር ከተዘረጋ የሚበላው ሰዓት የማን ነው? እኔ ራሴ ከተራዊህ በኋላ ነበር የማየው ብያለሁ። ሙሉውን ልናገር፤ ተራዊሑን አቋርጬ የወጣሁበት ሌሊት ነበር።

የእኛ ቤት

አሁን ወደ ቤታችን እንመለስ። በአገራችንም «ገመና» እና «ሰው ለሰው» በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሲቀርቡ ጎረቤት ለጎረቤት ያነጋገሩበትን ጊዜ እናስታውሳለን። በ2016 ቃና ቴሌቪዥን የቱርክን ድራማ በአማርኛ ድምፅ ይዞ ሲመጣ ደግሞ ኢስታንቡል ማዕድ ቤታችን ገባች። ልጆቻችን የኢስታንቡልን ባለሀብቶች የቤት ጠብ ከየአጎቶቻቸው ጠብ ይበልጥ ያውቁታል። የካይሮና የኢስታንቡል ሰው ታሪኩን መጻፉ ጥፋት የለበትም። ጥያቄው የእኛ የት አለ የሚለው ነው። በ2006 ደቻቱ ወንዝ በሌሊት ሞልቶ ከሁለት መቶ በላይ ሰው የወሰደበትን ያን ጊዜ ማን ጻፈው? አባቱ የባቡር ሠራተኛ የነበረ፣ አሁን ባጃጅ የሚነዳ፣ ለእናቱ በሶማልኛ ለሚስቱ በኦሮምኛ የሚያወራ፣ አምስት ወቅት ሰላቱን የሚሰግድ፣ ግን ከወንድሙ ጋር ለሦስት ዓመት ያልተነጋገረ ሰው በየትኛው ድራማ አለ? ከላይ ዑካሻ የሰጋጁን ሰው ልብ ደጃፍ ላይ ቆመ ብዬ ወቅሼዋለሁ። ግን ያንን ደጃፍ ከውስጥ መክፈት የማን ሥራ ነበር? እዚያ ውስጥ የምንኖር እኛ ልጆቻችንን ደብተር እየዘጋን መልሰን ከላክን፣ ከውጭ ሆኖ የሚጽፍልንን ሰው ለመውቀስ ምን አፍ አለን?

አላህ (ሱ.ወ.) በቁርኣኑ የነቢዩላህ ዩሱፍን (ዐ.ሰ.) ቂሳ ያማረ ቂሳ ብሎታል። የሚተርከውም የወንድማማቾችን ቅናት፣ የአባትን ኀዘን፣ የአንድን ቤት መፍረስና መታረቅ ነው። የሰው ድርሰት ከአላህ ቃል ጋር አይወዳደርም፤ ነገር ግን የቤት ውስጥ ታሪክ ለትምህርት የማይበቃ ተራ ነገር ነው ማለት እንደማንችል ከዚህ እንማራለን።

ለወላጆች ሦስት ነገር ላሳስብ። አንደኛ፣ ልጆችዎ የሚያዩትን ድራማ ቢያንስ አንድ ጊዜ ከጎናቸው ተቀምጠው ይዩት፤ ካዩም በኋላ «የተበደለው ማን ነው? በዳዩስ ለራሱ ምን ብሎ ነበር? እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር?» ብለው ይጠይቁ። እነዚህ ሦስት ጥያቄዎች ከብዙ ቁጣ ይሻላሉ። ሁለተኛ፣ ለድራማ ሰዓት ይወስኑለት፤ በተለይ በረመዳን፣ ሰላቱ ለድራማው ቦታ እንዳይለቅ። ሦስተኛ፣ ልጅዎ አንድ ቀን የጻፈውን ይዞ ቢመጣ እስከ መጨረሻው ገጽ ያንብቡት። ምናልባት በሦስተኛው ገጽ ላይ ያለው የእርስዎ ቤት ይሆናል።

ያቺ ተማሪዬ ዛሬ የልጆች እናት ናት፤ ታይዋን ገበያ አካባቢ ትነግዳለች። ባለፈው ዓመት መንገድ ላይ አግኝቻት ስለዚያ ቀን ይቅርታ ጠየቅኋት። ሳቀች። «ኡስታዝ፣ እርስዎ እስካሁን ያስታውሱታል?» አለችኝ። ደብተሩ የት ደረሰ ብዬ ብጠይቃት የተረፉትን ነጭ ገጾች የሱቅ ዱቤ መመዝገቢያ እንዳደረገቻቸው ነገረችኝ። የተጻፈባቸውን ገጾች ግን አልቀደደቻቸውም። «ያለሽውን አምጪልኝ፤ አሁን እስከ መጨረሻው አነበዋለሁ» አልኳት። «ሱቁ ፋታ ሲሰጠኝ፣ ኢንሻአላህ» ብላ መለሰችልኝ። እስካሁን አላመጣችልኝም፤ እኔም ባየኋት ቁጥር አስታውሳታለሁ።

ወሏሁ አዕለም።